መቀስን ብዕር ያደረገችው ኤስፊር ሹብ

ጊዜው እ.ኤ.አ 1926 ነው፤ በጋው ወደ ማብቂያው ተቃርቧል። ዛሬ ሴንት ፒተርስበርግ ተብላ በምትጠራው በያኔዋ ሌኒንግራድ፣ እርጥበት በሞላው አንድ ምድር ቤት ውስጥ አንዲት የሠላሳ ሁለት ዓመት ሴት ዝገት የበላቸውን ክብ የቆርቆሮ ሣጥኖች አንድ በአንድ ትከፍታለች። በየሣጥኑ ውስጥ የተጠቀለለ ፊልም አለ። አንዳንዱ ከእርጥበቱ ብዛት ምስሉን የተሸከመው ሽፋን ከሴሉሎይዱ ላይ ተልጦ በእጅ ሲነኩት ይረግፋል። አንዳንዱ ደግሞ በመዝገቡ ላይ ስሙ ሰፍሮ ይገኛል እንጂ ሣጥኑ ባዶ ነው፤ ማን እንደወሰደው፣ ወዴት እንደሄደ የሚናገር የለም።

ሴትየዋ የምትፈልገው ከዘጠኝ ዓመት በፊት በዚያችው ከተማ ጎዳናዎች ላይ የሆነውን ነገር ነበር። በየካቲት 1917 አብዮት የሦስት መቶ ዓመት ዘውድ ሲወድቅ ካሜራ የያዙ ሰዎች በአደባባዮቹ ላይ እንደነበሩ ታውቃለች። የመዝገብ ቤቱ ኃላፊዎች ግን በሌኒንግራድ የየካቲት አብዮት ፊልም አንድም ሜትር እንደማይገኝ የሚያረጋግጥ ደብዳቤ አወጡላት። ደብዳቤውን አነበበች፤ ወደ ምድር ቤቱም ተመልሳ ሣጥኖቹን መክፈት ቀጠለች።

ይህች ሴት ኤስፊር ኢሊኒችና ሹብ ትባላለች። በዓለም የሲኒማ ታሪክ ሌሎች ቀርጸው የተዉትን ምስል ሰብስባ፣ ቆርጣና ገጣጥማ የራሷን ሙሉ ድርሰት በመሥራት ስሟ በቀዳሚነት ይነሣል። ዛሬ በየቴሌቪዥን ጣቢያው የድሮ ምስሎችን እየደረደሩ ያለፈ ዘመንን የሚተርኩ ዘጋቢ ፊልሞች ሁሉ የዘር ሐረጋቸው ቢቆጠር ከዚያ እርጥብ ምድር ቤት ደጃፍ መድረሱ አይቀርም።

ኤስፊር የተወለደችው እ.ኤ.አ በመጋቢት ወር 1894 በቼርኒጎቭ ግዛት ሥር በነበረችው ሱራዥ በተባለች ትንሽ ከተማ ነው። ለትምህርት ወደ ሞስኮ ሄዳ በሴቶች ከፍተኛ የትምህርት ተቋም ሥነ ጽሑፍ አጠናች። አብዮቱ ሲፈነዳ ገና ወጣት ነበረች። እንደ ብዙዎቹ የዕድሜ እኩዮቿ አዲሱ ዘመን ይዞት የመጣው ማዕበል አነሣትና በትምህርት ጉዳዮች ኮሚሳሪያት የቲያትር ክፍል ተቀጠረች። በዚያም ከዝነኛው የመድረክ አዘጋጅ ከፍሴቮሎድ ሜየርሆልድና ከባለቅኔው ከቭላድሚር ማያኮቭስኪ ጋር የሥራ ትውውቅ መሠረተች። ልቧ ግን ከመድረኩ ይልቅ ወደ ነጩ መጋረጃ አደላ።

እ.ኤ.አ በ1922 ጎስኪኖ በተባለው የመንግሥት የፊልም ድርጅት ተቀጠረች። የተሰጣት ሥራ በዛሬ ዓይን ሲታይ እንግዳ ነው። ሀገሪቱ ከእርስ በርስ ጦርነት የወጣችው ጥሬ ፊልምም ስቱዲዮም አጥታ ስለነበር በሲኒማ ቤቶች የሚታየው በአመዛኙ ከአሜሪካና ከጀርመን የሚመጣ ፊልም ነበር። ባለሥልጣናቱ ደግሞ የውጭው ፊልም እንዳለ ለሕዝብ እንዲታይ አይፈቅዱም። ስለዚህ አንድ ሰው ፊልሙን መቆራረጥ፣ ቅደም ተከተሉን መለወጥ፣ በትዕይንቶቹ መካከል የሚገባውን የጽሑፍ መግለጫ እንደገና መጻፍና ለአዲሱ ሥርዓት የሚስማማ አድርጎ ማውጣት ነበረበት። የኤስፊር ሥራ ይህ ነበር። በእጇ ያለፉት የውጭ ፊልሞች ወደ ሁለት መቶ እንደሚደርሱ ይነገራል፤ ከእነዚህም መካከል የቻርሊ ቻፕሊን ካርመን ይገኝበታል።

የፊልም አርትዖት በዚያን ጊዜ ምን ይመስል እንደነበር ማሰብ ያስፈልጋል። እንደዛሬው ምስልን በማያ ገጽ ላይ እያንሸራተቱ መቁረጥ አልነበረም። አርታዒዋ የፊልሙን ጥብጣብ በሁለት እጆቿ ይዛ ወደ ብርሃን ታነሣለች፤ እንደ ፖስታ ቴምብር የጠበቡትን ምስሎች በዓይኗ ትለያለች፤ በመቀስ ትቆርጣለች፤ ጫፉን ፍቃ በሙጫ ታጣብቃለች። የተጣበቀው ትክክል መሆኑን የምታውቀው በትንሽ የማሳያ መሣሪያ ስታዞረው ነው። ፊልሙ ከናይትሬት የተሠራ በመሆኑ አንዲት የእሳት ፍንጣሪ ክፍሉን ሁሉ ልታነድ ትችላለች። ይህ ሥራ በሩሲያም በአሜሪካም በአብዛኛው የሴቶች ነበር፤ እንደ ስፌትና ጥልፍ የእጅ ትዕግሥት የሚጠይቅ ተራ ሙያ ተደርጎ ስለሚታይ የሠሪዋ ስም በፊልሙ ላይ መጻፉን የሚያስብ ብዙ አልነበረም።

ኤስፊር ግን በዚያ ጠባብ ክፍል ውስጥ ሌሎች በትምህርት ቤት ያላገኙትን ተማረች። የአንዲት ተዋናይት እንባ ከሬሣ ሣጥን ምስል ቀጥሎ ሲመጣ ሐዘን፣ ከደስታ ደብዳቤ ቀጥሎ ሲመጣ ደግሞ ሐሴት እንደሚሆን በገዛ እጇ ደጋግማ አየችው። በእነዚያው ዓመታት ሌቭ ኩሌሾቭ የተባለው የፊልም መምህር ይህንኑ ጉዳይ በሙከራ ሲያሳይ ነበር። ለእርሱ ሙከራ የነበረው ለእርሷ የዕለት እንጀራዋ ነው። እ.ኤ.አ በ1924 የጀርመናዊው ፍሪትዝ ላንግ ዶክተር ማቡዜ የተባለው ረጅም ፊልም ሲደርሳት፣ ገና አንድም ሙሉ ፊልም ያልሠራ አንድ ወጣት የቲያትር ሰው አጠገቧ ተቀምጦ አብሯት ይቆርጥና ይገጥም ጀመር። ወጣቱ ሰርጌይ አይዘንስታይን ነበር። ከአንድ ዓመት በኋላ ጦር መርከብ ፖተምኪንን ሠርቶ ዓለምን ያስደነቀው ሰው የመቀስን ኃይል በቅርብ ካየባቸው ስፍራዎች አንዱ የእርሷ የሥራ ጠረጴዛ ነው። ስለ አይዘንስታይን የሚጻፈው ብዙ ነው፤ በዚህ ጠረጴዛ ላይ ግን ብዙ ጊዜ አይቆይም።

የፖተምኪንን ፊልም ባየች ጊዜ በውስጧ አንድ ሐሳብ ተጸነሰ። አይዘንስታይን ያለፈውን ዘመን በሰው ብዛትና በተገነባ ትዕይንት እንደገና ፈጥሮታል። እርሷ ደግሞ ያ ዘመን ራሱ ስለ ራሱ የተወውን ምስል ፈልጋ ብታገኝ፣ ያለ ተዋናይና ያለ ጌጥ እውነተኛው ዛር፣ እውነተኛው ገበሬ፣ እውነተኛው ወታደር በመጋረጃው ላይ ቢቆሙ ምን ይሆናል? ሐሳቡን ለፊልም ድርጅቱ ኃላፊዎች ስታቀርብ ወዲያው ተቀባይነት አላገኘም። የቆየ የዜና ፊልም ዜናው ሲያልፍ አብሮ ያረጀ ዕቃ ነው የሚለው አመለካከት የጸና ነበር። ብዙ ደጅ ጠንታ፣ እንደ ሐያሲው ቪክቶር ሽክሎቭስኪ ያሉ ወዳጆቿም አግዘዋት ፈቃዱን አገኘች። ወደ ሌኒንግራድ የወረደችውም በዚህ ምክንያት ነው።

በሁለት ወር ውስጥ ስልሳ ሺህ ሜትር ፊልም በዓይኗ አለፈ። ከዚያም ውስጥ 5,200 ሜትሩን መርጣ ወደ ሞስኮ ይዛ ተመለሰች። አይገኝም የተባለውን የየካቲት አብዮት ምስል፣ የድሮ የዜና ፊልም ባለሙያዎችን እያፈላለገችና በመዝገብ ላይ በተሳሳተ ስም የተቀመጡ ሣጥኖችን እየፈተሸች አገኘችው። የጎደለውን በጋዜጦች፣ በደብዳቤዎችና በሰነዶች ምስል ሞላች። በመጨረሻ ተጠናቅቆ የወጣው ፊልም 1,500 ሜትር ያህል ነበር፤ ካየችው አርባ ሜትር አንዷን መርጣለች ማለት ነው።

ከተገኙት ሁሉ የከበረው ግን ማንም ያልጠበቀው ነበር። የመጨረሻው የሩሲያ ንጉሠ ነገሥት ዳግማዊ ኒኮላስ ፊልም መቀረጽ ይወድ ነበር። በቤተ መንግሥቱ የተመደቡ የካሜራ ባለሙያዎች ቤተሰቡን በመዝናኛ መርከቡ፣ በሰልፍ፣ በቤተ ክርስቲያን በዓልና በሽርሽር እየተከተሉ ይቀርጹ ነበር። እነዚህ ምስሎች የተቀረጹት ለቤተሰቡ ደስታና ለዘውዱ ክብር ነው። ዛሩ ከልጆቹ ጋር ሲራመድ፣ መኳንንቱ እጅ ሲነሡ፣ ወይዛዝርቱ ነጭ ጥላቸውን ዘርግተው ሲስቁ ይታያሉ። እ.ኤ.አ በ1918 ዛሩና ቤተሰቡ በየካተሪንበርግ ተገደሉ። ፊልሙ ግን በየሣጥኑ ተዳፍኖ ቆየ።

የሮማኖቭ ሥርወ መንግሥት ውድቀት የተሰኘው ፊልም የየካቲት አብዮት አሥረኛ ዓመት በተከበረበት ወቅት፣ እ.ኤ.አ በመጋቢት 1927 ለሕዝብ ታየ። በጽሑፍ ሥራው ማርክ ጼትሊን አግዟታል። ፊልሙ በሰፊው የሩሲያ ምድር ይጀምርና እ.ኤ.አ በ1913 የሥርወ መንግሥቱ ሦስት መቶኛ ዓመት ሲከበር የነበረውን ግርማ ያሳያል። ጳጳሳት፣ ጄኔራሎች፣ የግዛት ገዥዎች በሰልፍ ያልፋሉ። ቀጥሎ የዓለም ጦርነት ይመጣል፤ የጦር መሣሪያ ፋብሪካዎች፣ ወደ ጦር ግንባር የሚሸኙ ገበሬዎች፣ በበረዶ ላይ የወደቁ ሬሳዎች። ከዚያም ከተማዋ ትነሣለች።

ከሁሉ ይልቅ በሲኒማ መምህራን ዘንድ የሚነሣው አንድ አጭር ስፍራ ነው። በመርከብ ላይ መኳንንትና ወይዛዝርት ይጨፍራሉ። ከጭፈራው ብዛት ያልባቸዋል፤ በመሐረብ ግንባራቸውን ይጠርጋሉ። ምስሉ ይቆረጣል። ቀጥሎ የሚታዩት አካፋ ይዘው ቦይ የሚቆፍሩ ገበሬዎች ናቸው፤ እነርሱም ያልባቸዋል። ሁለቱን ምስሎች የቀረጹት ሰዎች አይተዋወቁም፤ የመጀመሪያውን የቀረጸው ባለሙያ ጌቶቹን ለማስደሰት እንጂ ለመክሰስ አላሰበም። ከጭፈራው ላይ አንድም ምስል አልተጨመረም፤ አንድም አልተነካም። የተለወጠው ጎረቤቱ ብቻ ነው። በጎረቤቱ ምክንያት ግን የመኳንንቱ ላብ ሌላ ትርጉም አገኘ።

በዚህ ጉዳይ ኤስፊር ከዘመኗ አርታዒዎች የተለየ ጥንቃቄ ነበራት። በዚያን ጊዜ የሶቪየት ፊልም ሠሪዎች ምስልን በፍጥነት እየቆራረጡ ተመልካቹን ማናወጥ ይወዱ ነበር። እርሷ ግን ምስሉ በመጋረጃው ላይ እንዲቆይ፣ ተመልካቹም ፊቶቹን ልብሶቹንና አካሄዳቸውን ለማየት ጊዜ እንዲያገኝ ትፈልግ ነበር። ለእርሷ እያንዳንዱ የፊልም ቁራጭ ሰነድ ነው፤ ቦታ አለው፣ ቀን አለው። በዚህ ምክንያት እንደ ኦሲፕ ብሪክ ያሉ ሐያስያን ዝነኛውን የዘጋቢ ፊልም ሰው ዚጋ ቨርቶቭን እየነቀፉ እርሷን አሞገሱ፤ ቨርቶቭ ምስልን ከተገኘበት ቦታና ጊዜ ነጥሎ ይጠቀምበታል ሲሉ። ቨርቶቭ በዚህ አዝኗል። ያም ሆኖ እርሷ ስለ ቨርቶቭ ታላቅነት ስትመሰክር ኖራለች፤ ከቨርቶቭ ቤተሰብም፣ የባለቤቱና የአርታዒው የየሊዛቬታ ስቪሎቫ እጅ ከእርሷ እጅ ጋር አብሮ የሚጠቀስ ነው።

ይሁን እንጂ ከምስሉ ላይ አንድም ነገር አለመንካት ብቻውን እውነትን አያመጣም። ኤስፊር የዛሩን ምስል ለዛሩ መክሰሻ አድርጋዋለች፤ ይህንንም ያደረገችው ክሱ የመንግሥት አቋም በነበረበት ሀገርና ዘመን ነው። የመርከቡ ጭፈራ ሐሰት አልነበረም፤ የገበሬው ቁፋሮም ሐሰት አልነበረም። ሁለቱን ጎን ለጎን ያቆመው ውሳኔ ግን የአንድ ሰው ፍርድ ነው። የዚህ ጽሑፍ አዘጋጅ እንደሚያምነው ትልቅነቷም አወዛጋቢነቷም የሚገኘው እዚያው ላይ ነው።

የዚህን ጠረጴዛ ኃይል ኢትዮጵያውያን አንባቢዎች ከሩቅ የሚያውቁት ነገር አይደለም። በ1967 ዓ.ም የዘመን መለወጫ ምሽት የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን፣ እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ የቀረጸበትን ፊልም አሳየ። በወሎ መንገዶች ዳር የወደቁ ሕፃናትና እናቶች ምስል ከቤተ መንግሥት የድግስና የቅንጦት ምስሎች ጋር እየተፈራረቀ ቀረበ። በማግሥቱ፣ መስከረም 2 ቀን፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከሥልጣን ወረዱ። ያን ምሽት ምስሎቹን የገጣጠሙት ሰዎች የኤስፊር ሹብን ስም ሰምተው ይሁን አይሁን ለነገሩ ለውጥ የለውም፤ መንገዱን ግን ከእነርሱ አርባ ሰባት ዓመት ቀድማ ሄዳበታለች። የወሎ ረሃብ እውነት ነበር፤ ድግሱም እውነት ነበር። ሁለቱ በአንድ ምሽት፣ በአንድ መስኮት ሲገናኙ የሆነውን የዚያ ዘመን ሰው አይረሳውም።

ወደ ሞስኮ እንመለስ። ፊልሙ ተመልካች አገኘ፤ ጋዜጦችም አወደሱት። ነገር ግን ኤስፊር ለሠራችው ሥራ የደራሲነት መብቷን ስትጠይቅ ሶቭኪኖ የተባለው የፊልም ድርጅት አልቀበልም አለ። ምክንያቱ ግልጽ ነበር፤ ምስሎቹን እርሷ አልቀረጸቻቸውም፤ ሌሎች የቀረጹትን ቁርጥራጭ አጣብቃለች እንጂ ምን ደረሰች? ለደራሲ የሚከፈለው ክፍያ አይገባትም ተባለ። አምስት ዓመት ሙሉ የሌሎችን ፊልም ስትጠግን፣ ስታሳጥርና ስታቃና ስሟ ሳይጠራ ኖራለች። የራሷን ፊልም ባወጣችም ጊዜ ያው የጠጋኝነት ስም ተከተላት።

ማያኮቭስኪ በዚያው ዓመት ስለ ድርጅቱ አሠራር በተደረገ የአደባባይ ክርክር ላይ ይህን ጉዳይ አንሥቶ የእርሷን ነገር በቁጣ ተሟገተ። የወዳጆቿ ድምፅ ስሟን አስከበረ፤ ጥያቄው ግን ለብዙ ዓመታት ከሙያው ጋር ቆየ። አንድ ሰው የራሱ ያልሆኑ ቃላትን ከመዝገበ ቃላት እየመረጠ መጽሐፍ ሲጽፍ ደራሲ ይባላል። ምስልን እየመረጠ ፊልም የሚሠራው ለምን አይባልም? ኤስፊር ለዚህ መልስ የሰጠችው በክርክር ሳይሆን ተከታዩን ፊልም በመሥራት ነው።

ተከታዩ ፊልም ታላቁ መንገድ ይባላል፤ በዚያው በ1927 ለጥቅምት አብዮት አሥረኛ ዓመት የተሠራ ነው። እዚህ ላይ ሥራዋ ይበልጥ ከበደ። ከአብዮቱ ወዲህ የተቀረጹት ምስሎች ለቅስቀሳ ፊልም ሲባል ተቆራርጠዋል፤ ነጋቲቫቸው ጠፍቷል፤ ከፊሉም በውጭ ሰዎች እጅ ወጥቷል። ከሩብ ሚሊዮን ሜትር የሚበልጥ ፊልም መረመረች። አሜሪካ ከሚገኝ ክምችት የተገዛው ፊልም ሲመጣ ደግሞ ከዚያ በፊት በሀገሪቱ ያልታዩ የሌኒን ምስሎች በውስጡ ተገኙ። በዚያው ሰሞን አይዘንስታይን ጥቅምት የተባለውን ፊልሙን እየሠራ ነበር፤ ሌኒንን ሆኖ እንዲታይም በመልክ የሚመስለውን ኒካንድሮቭ የተባለ ሠራተኛ መረጠ። ማያኮቭስኪና ጓደኞቹ ይህን አጥብቀው ተቃወሙ፤ እውነተኛው ሌኒን በኤስፊር ጠረጴዛ ላይ እያለ መልከ መሳይ ማቆም ምን ይባላል የሚል ነበር ክርክራቸው። ሁለቱ የድሮ የሥራ ጓደኞች የአንዱ አብዮት ሁለት የተለያዩ ፊልሞች ባለቤት ሆኑ፤ ወዳጅነታቸው ግን አልፈረሰም።

የሦስተኛው ፊልሟ ታሪክ ከሁሉ ይልቅ ልብ ይነካል። እ.ኤ.አ በ1928 የሌቭ ቶልስቶይ የልደት መቶኛ ዓመት ሲደርስ ስለ ታላቁ ደራሲ ፊልም እንድትሠራ ተነሣች። ቶልስቶይን በሕይወቱ ሳለ የቀረጸው አሌክሳንደር ድራንኮቭ የተባለ ባለሙያ ነው። ደራሲው ሰማንያ ዓመት በሞላው ጊዜ በያስናያ ፖልያና ርስቱ ሄዶ ቀርጾታል፤ ከሁለት ዓመት በኋላም የቀብሩ ሥነ ሥርዓት በፊልም ተይዟል። ሁሉም ተደምሮ ግን ጥቂት ደቂቃ ነው፤ ሽማግሌው በፈረስ ሲሄድ፣ በደጁ ሲራመድ፣ ለድሆች ምጽዋት ሲሰጥ። ከዚህ ጥቂት ነገር ሙሉ ፊልም እንዴት ይወጣል? ኤስፊር ሽማግሌውን በኖረበት ሀገር መካከል አቆመችው። ዛሩ በሠረገላ ሲያልፍ፣ ገበሬው በእርሻ ላይ ሲጎብጥ፣ ቤተ ክርስቲያኒቱ በዓሏን ስታከብር አሳየችና በመካከሉ ያን ነጭ ጺም ያለውን ሰው መለሰችው። የፊልሙም ስም የዳግማዊ ኒኮላስና የሌቭ ቶልስቶይ ሩሲያ ሆነ፤ ከዘውዱና ከብዕሩ የአንድ ዘመን ሁለት ፊት።

እነዚህ ሦስት ፊልሞች በሁለት ዓመት ውስጥ ተሠርተው አለቁ። እርስ በርሳቸው ሲያያዙ ከአሥራ ዘጠነኛው ምዕተ ዓመት ማብቂያ እስከ 1927 ያለውን የአንድ ሕዝብ ሕይወት ይዘዋል። ከዚህም ሌላ ትሩፋት አላቸው፤ ኤስፊር ሣጥኖቹን ባትከፍት ኖሮ ከእርጥበቱ የተነሣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ የሚጠፋው ምስል ተባዝቶ ተረፈ። በፊልሞቿ ውስጥ ያልገባውንም ጭምር በቀን፣ በቦታና በይዘት እየለየች አስመዘገበች። የቆየ ፊልም እንዲጠበቅ፣ እያንዳንዱ ነጋቲቭም ሳይቆረጥ በመዝገብ ቤት እንዲቀመጥ ደጋግማ ጽፋለች።

ድምፅ ወደ ሲኒማ ሲገባ ደግሞ ከመዝገብ ቤት ወጥታ ካሜራና ማይክሮፎን ይዘው የሚከተሏትን ባለሙያዎች አሰማራች። እ.ኤ.አ በ1932 የወጣው ስለ ኤሌክትሪክ ኃይል ግንባታ የሚናገረው ፊልሟ፣ በዲኔፐር ወንዝ ላይ ግድብ የሚሠሩ ሰዎችን በራሳቸው ድምፅ አሰማ። ሰዎቹ ሲናገሩ ይንተባተባሉ፤ ካሜራውን እያዩ ያፍራሉ፤ ማይክሮፎኑም በግልጽ ይታያል። ኤስፊር ይህን ሁሉ አልቆረጠችም። ከዚያ ሁሉ ዓመት የመቀስ ሥራ በኋላ መቼ አለመቁረጥ እንደሚገባ የምታውቅ ሆናለች።

ከዚያ በኋላ ዘመኑ ጠበበ። እ.ኤ.አ ከ1933 ጀምሮ ሴቶች የሚል ርዕስ የሰጠችው የፊልም ጽሑፍ አዘጋጀች። ከዓለም ጦርነት ዋዜማ ጀምሮ የሩሲያን ሴት ሕይወት የሚያሳይ ትልቅ ሥራ ሊሆን የታቀደ ነበር፤ ሳይሠራ ቀረ። በዚያው ጊዜ በሞስኮ የሲኒማ ተቋም በአይዘንስታይን ክፍል አርትዖት ታስተምር ነበር። እ.ኤ.አ በ1935 የተከበረች አርቲስት የሚል የመንግሥት ማዕረግ ተሰጣት። ማዕረጉ ግን ሥራ አልጨመረላትም፤ ሐሳብ ታቀርባለች፤ ሐሳቡ ይዘገያል፤ ሌላ ሥራ ይሰጣታል።

እስፔን የተሰኘው ፊልሟ የተጠናቀቀው በ1939 ነው። ሮማን ካርመንና ቦሪስ ማካሴዬቭ በእስፔን የእርስ በርስ ጦርነት በጥይት መካከል የቀረጹትን ምስል ተቀብላ፣ ከደራሲው ፍሴቮሎድ ቪሽኔቭስኪ ጋር አቀናበረችው። ፊልሙ ሲያልቅ ሪፐብሊኩ ተሸንፎ ነበር። ከእስፔን የተመለሱ ሶቪየታውያንም በየቤታቸው እየተለቀሙ ነበር፤ ስለ እስፔን በመጻፍ የታወቀው ጋዜጠኛ ሚካኢል ኮልትሶቭ ፊልሙ ሳይወጣ ታስሯል፤ በኋላም ተረሽኗል። ወጣትነቷን ያየው ሜየርሆልድም እ.ኤ.አ በ1940 በጥይት ተገደለ። የሕይወት አጋሯ የነበረው፣ በንድፈ ሐሳብ ሰውነቱ የታወቀው አሌክሴይ ጋን ደግሞ በ1942 ተረሸነ። የሌሎችን ፊልም ስትቆርጥ የሚቆረጠውን ከወለል ላይ እየለቀመች የምታስቀምጠው ሴት፣ አሁን ከሕይወቷ ስለተቆረጡት ሰዎች መናገር የማትችልበት ጊዜ መጣ።

በዓለም ጦርነቱ ዓመታት በማዕከላዊው የዘጋቢ ፊልም ስቱዲዮ የዜና ፊልም ዋና አርታዒ ሆና ሠራች። ከጦር ግንባር የሚመጣው ጥቅል በየሳምንቱ ይፈስሳል፤ እርሷም ትመርጣለች፣ ትቆርጣለች፣ ትገጥማለች። በ1940 ከፑዶቭኪን ጋር ሆና የሶቪየት ሲኒማን ሃያ ዓመት የሚተርክ ፊልም ሠርታ ነበር። ከጦርነቱ በኋላ በ1947 ከአራክስ ወንዝ ማዶ የሚል ፊልም አወጣች፤ በዚያ ዘመን ሰዎች ዘንድ እንደ ቀደሙት ሦስቱ የሚነገርለት አልሆነም።

በመጨረሻ ዕድሜዋ ትዝታዋን ጻፈች። መጽሐፉ በ1959 ታተመ፤ ርዕሱም በፊልም ባለሙያዎች ቋንቋ ፊትን ከቅርብ የሚያሳየው ቀረጻ ስም ነው። ኤስፊር ሹብ በዚያው ዓመት በመስከረም ወር ማብቂያ አካባቢ፣ በስልሳ አምስት ዓመቷ በሞስኮ ዐረፈች። ከአሥራ ሦስት ዓመት በኋላ ትዝታዋና ጽሑፎቿ ተሰብስበው ሕይወቴ ሲኒማ ነው በሚል ርዕስ እንደገና ታተሙ። ደራሲነቷን ለመቀበል ያንገራገረው ድርጅት ከፈረሰ ብዙ ዘመን ሆኖታል፤ የሮማኖቭ ሥርወ መንግሥት ውድቀት ዛሬ በዓለም የፊልም መዛግብት ሲመዘገብ በሠሪው ስፍራ የሚጻፈው ስም የእርሷ ነው።